ቤት የሠራሁት ክሬም በ10 ቀኑ ሻገተ፣ ምን አጥፍቼ ነው?

የቀበናዋ፦

ሰላም ናችሁ? ቀጥታ ወደ ጉዳዬ ልግባ። ቆዳዬ በጣም ደረቅ ነው። በተለይ ከጥቅምት እስከ ጥር ባለው ብርድና ፀሐይ እጄ አመድ የተነፋበት ይመስላል፣ ተረከዜንማ ተዉት። የሱቁ ሎሽን ዋጋው በየወሩ ሲጨምር ተናደድኩና ለምን ራሴ አልሠራውም አልኩ። ቪዲዮ አየሁ። ቪዲዮ ላይ ሁሉ ነገር ቀላል ነው፣ ሴትዮዋ እየሳቀች ታማስላለች፣ አለቀ።

ያደረግኩት ይኸው። ግማሽ ብርጭቆ ኮኮናት ዘይት፣ ሁለት ማንኪያ ሺያ በተር (ከሺያ ዛፍ ፍሬ የሚወጣ ቅቤ)፣ አንድ ማንኪያ የተፈቀፈቀ የንብ ሰም። ሰሙን የገዛሁት መርካቶ ነው፣ ቡናማ ድቡልቡል ነገር፣ ትንሽ ጠጅ ጠጅ ይሸታል። ሁሉንም በትንሽ ድስት ቀጥታ ቡታጋዝ ላይ አቀለጥኩት። ከዛ ለስለስ እንዲል ብዬ ሩብ ብርጭቆ የጽጌረዳ ውሃ ጨመርኩና በማንኪያ መታሁት። መጀመሪያ ነጭ ሆኖ ሲያምር ብታዩት! እህቴን ሁሉ ጠርቼ አሳየኋት።

ጠዋት ስነሳ ከሥሩ ውሃ አቁሯል። እንደገና መታሁትና ዝም አልኩ። በሳምንቱ አሸዋ አሸዋ የሚል ነገር መጣበት፣ ፊት ላይ ሲቀባ ይጎረብጣል። በ10ኛው ቀን ክዳኑን ስከፍት ጠርዙ ላይ አረንጓዴ ሻጋታ።

ለምን ተለያየ? ያ አሸዋስ ምንድነው? የተፈጥሮ ነገር ሆኖ ደግሞ እንዴት ይሻግታል፣ ማርና ሰም አይበላሽም ሲባል አይደል ያደግነው? የሻገተውን ከላይ ጠርጌ ብጠቀመውስ ችግር አለው? ሺያ በተሩ ውድ ነው፣ ልጥለው አንጀቴ አልችል አለ።

መድኃኒት_ቀማሚ፦

እህቴ፣ መጨረሻ ላይ የጠየቅሽውን ልቅደም። ጣይው። ጠርጎ መጠቀም የሚባል ነገር የለም። ላዩ ላይ የምታዪው አረንጓዴ ቅጠሉ ነው በይው፣ ሥሩ ውስጥ ገብቷል። ከሻጋታው በላይ የሚያሰጋኝ ግን ለዓይን የማይታየው ባክቴሪያ ነው። የተሰነጠቀ ተረከዝ ክፍት በር ነው፣ በእጅሽ ታስገቢዋለሽ።

ጥፋቱ የጽጌረዳ ውሃው ነው። ዘይትና ሰም ውስጥ ውሃ የለም፣ ውሃ በሌለበት ሻጋታም ባክቴሪያም አይራባም። ማር አይበላሽም ላልሽው ምክንያቱ ያው ነው፣ የበሰለ ማር ውስጥ ያለው ውሃ ከመቶ 20 እንኳን አይሞላም። ውሃ በጥብጪበትና ጥቂት ቀን አስቀምጪው። ምን ይሆናል? ወደ ጠጅ ይሄዳል! ያንቺም ክሬም ያደረገው እሱኑ ነው፣ ብቻ አይጠጣም።

አንድ ነገር እንለይ። እኛ ሁሉንም ቅባት እንለዋለን፣ ግን ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ዘይትና ሰም ብቻ ከሆነ ቅባት ነው። ውሃ ከገባበት ክሬም ነው። ሱቅ የምትገዢው ሎሽን ደግሞ አብዛኛው ክፍሉ ውሃ ነው። ክሬም ለመሥራት ውሃውንና ዘይቱን አጣብቆ የሚይዝ ነገር የግድ ያስፈልጋል። የንብ ሰም ብቻውን ይህን አይችልም፤ ለጊዜው ያስታርቃቸዋል፣ ሌሊቱን ይጣላሉ። ኢመልሲፋይንግ ዋክስ የሚባል ለዚሁ የተዘጋጀ ሰም አለ። ስሙ ሰም ይባል እንጂ ከንብ ጋር ዝምድና የለውም።

በነገራችን ላይ አሠራርሽ አዲስ አይደለም። ሰም፣ ዘይትና የጽጌረዳ ውሃ አብሮ መምታት በ2ኛው ክፍለ ዘመን ሮም ውስጥ ይሠራ ለነበረው ለሐኪሙ ጋለን የሚሰጥ ነገር ነው። ፈረንጆቹ ኮልድ ክሬም ይሉታል። ቀዝቃዛ ያሰኘው፣ ውሃው ቆዳ ላይ ከዘይቱ ቶሎ ተለይቶ ስለሚተንና ሲተን ስለሚያቀዘቅዝ ነው። ስለዚህ ለሱም ተለያይቶበታል፣ አትዘኚ። ኋላ ላይ ቦራክስ የሚባል ነጭ የማዕድን ዱቄት ሲጨመርበት ነው በደንብ መያያዝ የጀመረው። አንቺ ግን ቦራክስ ፍለጋ እንዳትሄጂ፣ የተሰነጠቀ ቆዳና ሕፃን ባለበት ቤት አልመክረውም።

አሸዋው ሺያ በተሩ ነው። ሺያ ውስጥ በተለያየ ሙቀት የሚረጉ ስቦች አሉ፣ ቀስ ብሎ ሲቀዘቅዝ ቶሎ የሚረጋው ለብቻው እየተሰበሰበ ፍሬ ይሠራል። ይጎረብጣል እንጂ አይጎዳም። መፍትሔው ሙሉ በሙሉ አቅልጦ በፍጥነት ማቀዝቀዝ ነው፣ ብልቃጥ ውስጥ ገልብጠሽ ወዲያው ፍሪጅ።

ቀጥታ ቡታጋዝ ላይ ያልሽው ግን አስደነገጠኝ። የንብ ሰም የሚቀልጠው ከ62 እስከ 64 ዲግሪ ላይ ነው። አዲስ አበባ ከፍታ ላይ ስለሆነች ውሃ የሚፈላው 92 አካባቢ ነው፣ ለሰም ይበቃል ይተርፋል። ድስት ውስጥ ሁለት ጣት ውሃ አድርጊ፣ የመስታወት ወይም የማይዝግ ብረት ጎድጓዳ ሳህን ጣጂበት፣ ሰሙን እሱ ውስጥ አቅልጪ። ጥለሽው ወደ ስልክሽ አትሂጂ። ድንገት እሳት ቢይዝ ውሃ እንዳታፈሺበት፣ ክዳን ድፊበትና ቡታጋዙን አጥፊ።

እኔ የምሠራበት ልክ ለ100 ግራም ይህ ነው፦ 15 ግራም ሰም፣ 25 ግራም ሺያ በተር፣ 60 ግራም ዘይት። መጀመሪያ ሰሙን ከዘይቱ ጋር አቅልጪ፣ ሺያውን እሳቱ ሊወርድ ሲል ጨምሪ። ከዛ አንድ ማንኪያ ፍሪጅ አስቀምጠሽ ቆይ፣ የቀለጠውን ጠብ አድርጊበትና ሲረጋ በጣትሽ ንኪው። ጠጠረ? ትንሽ ዘይት። ፈሰሰ? ትንሽ ሰም። ከመገልበጥሽ በፊት ማስተካከል ትችያለሽ። በማንኪያ መለካት ተዪ፣ ላላ ብሎ የሞላ የተፈቀፈቀ ሰምና ተጭኖ የሞላ በጣም ይለያያል።

ዘይቱን በተመለከተ ሰሊጥ እወዳለሁ። ያልተቆላ ይሁን፣ አለበለዚያ ቀኑን ሙሉ እንደ ወጥ ቤት ትሸቻለሽ። ሰሊጥ በራሱ ውስጥ ቶሎ እንዳይበላሽ የሚከላከል ነገር አለው። ኑግም ለቆዳ መጥፎ አይደለም ግን ሽታው ከባድ ነው፣ ደግሞ ቶሎ ጠረኑ ይቀየራል። ተልባ ጭራሽ አትሞክሪ፣ በአየር ቶሎ ይበላሻል። ጉሎ ዘይት ወፍራምና የሚጣበቅ ስለሆነ ለብቻው ሳይሆን ትንሽ ጣል ማድረግ ነው።

የጠጅ_ቤት_ልጅ፦

ሰሙ ጠጅ ጠጅ ይሸታል ስትዪ ሳቄ መጣ። የሸጡልሽ ከሰፈፍ የወጣ፣ በደንብ ያልተጣራ ሰም ነው! እኔ ጠጅ ቤት ነው ያደግኩት፣ ይሄ ሽታ ከትምህርት ቤት ዩኒፎርሜ ላይ አይወጣም ነበር።

ለማያውቁት፣ ጠጅ የሚጣለው ብዙ ጊዜ ከእነሰሙ በመጣ ማር ነው። ማሩ በውሃ ሲበጠበጥ ሰሙ ከላይ ይሰፍፋል፣ ስሙም ከዚያው ነው። እናቴ በሦስትና በአራት ቀኑ በወንፊት ትገፈውና በጆንያ ታጠራቅመው ነበር። ከዛ ሰም ሰብሳቢው ይመጣል፣ በኪሎ ይከራከራሉ፣ ይወስዳል። ወደ ውጭ የሚላከው የኢትዮጵያ ሰም ብዙው የሚሰበሰበው እንዲህ ከየጠጅ ቤቱ ነው። ሰፈፍ ውስጥ ከሰሙ ሌላ የንብ ክንፍ አለ፣ እግር አለ፣ እንጨት አለ፣ ማርም አለ። ማር ካለ ውሃና ስኳር አለ። ስለዚህ መድኃኒት ቀማሚ የጽጌረዳ ውሃውን ብቻ ወነጀለው እንጂ ሰሙም ንጹህ አይመስለኝም።

ማጥራት ቀላል ነው፣ ትንሽ ያዝረከርካል እንጂ። አሮጌ ድስት ፈልጊ፣ ከዚህ በኋላ ምግብ አይሠራበትም፣ ተሰናበችው። ግማሹን ውሃ ሞልተሽ ሰሙን ጨምሪና በቀስታ አሙቂው፣ እንዲንተከተክ አትፍቀጂ። ሲቀልጥ በአሮጌ ነጠላ አጥልይው። ነጠላው ላይ የሚቀረውን ስታዪ ያንን ነበር ፊቴ ላይ የቀባሁት ትያለሽ። የተጠለለውን ሳትነካኪ አሳድሪው። ጠዋት ሰሙ ከላይ እንደ ድፎ ክብ ሆኖ ይጠብቅሻል፣ ውሃው ከሥር ጠላ መስሎ። ክቡን አውጥተሽ ከሥሩ የተለጠፈውን ግራጫ ነገር በቢላ ፋቂው። ሁለት ሦስቴ ድገሚው፣ ውሃው ንጹህ እስኪሆን። በመጨረሻ ሰባብረሽ በደንብ አድርቂው፣ ሰሙ ውስጥ የተደበቀ ውሃ እንዳይኖር። የብረት ድስት ሰሙን ያጠቁረዋል፣ የማይዝገው ይሻላል።

ስትገዢ ደግሞ አሽትቺው። ጥሩ ሰም ማር ማር ይላል፣ በጣትሽ ስታሺው እየሞቀ ይለሰልሳል። ሞራ የተቀላቀለበት ካጋጠመሽ አፍንጫሽ ይነግርሻል። ፓራፊን ያለበት ደግሞ ያንሸራትታል እንጂ አይለጠፍም። ከጧፍ አቅልጬ ልሥራ የምትሉ ካላችሁ ተዉት፣ የዛሬ ጧፍ ሁሉ የንብ ሰም አይደለም፣ በዚያ ላይ ሰው ለስለት የሚገዛውን...

የአራት_ልጆች_እናት፦

ልጆቼ፣ እኔ ይህን ሁሉ ሳነብ ደከመኝ። አራት ልጅ ያሳደግኩት በቫዝሊን ነው። ዘዴው የቅባቱ ዓይነት ሳይሆን መቼ ነው የሚቀባው የሚለው ነው። ልጁን ታጥቢዋለሽ፣ በፎጣ ደረቅ እስኪል አትፈትጊውም፣ ገላው ገና እርጥብ ሳለ ትቀቢዋለሽ። ውሃው ውስጥ ይቀራል። ደርቆ ከተቀባ ግን እንጨት ላይ እንደመቀባት ነው፣ ያብለጨልጫል፣ ከሥር ደረቅ ነው። የቀበናዋ ልጄ፣ ያ የጽጌረዳ ውሃ ካማረሽ መጀመሪያ ፊትሽን በሱ አርጥቢና ቅባቱን ከላይ አድርጊ። ብልቃጥ ውስጥ ምን አገናኛቸው?

ለጋ ቅቤማ ለፀጉር ነው። ፊቱን በቅቤ ቀብቶ ታክሲ ውስጥ የገባ ሰው አጠገብ ተቀምጬ አውቃለሁ፣ ከፒያሳ እስከ መገናኛ።

መድኃኒት_ቀማሚ፦

እማማ እውነትዎን ነው፣ እኔ በሁለት አንቀጽ የምለውን በአንድ መስመር ጨረሱት። ቅባት ራሱ ውሃ አይሰጥም፣ ያለውን ውሃ እንዳይወጣ ይከድናል። ድስት ክዳን ነው በሉት። ቫዝሊንም ለዚህ ሥራ በጣም ጎበዝ ነው፣ የሚያሳፍር ነገር የለውም። ሰምና ሺያ የሚወደዱት አቀባባቸው ስለሚመች ነው፣ ቫዝሊን ለአንዳንዱ ሰው ይከብደዋል።

ሻርጃ_ያለሁት፦

እኔ ደግሞ ከዚህ ከሙቀቱ አገር ልናገር። ያንን የ15 ግራም ልክ እዚህ ብትሞክሩት ሾርባ ነው። ባለፈው ክረምት፣ ማለቴ የኛ ክረምት የእነሱ በጋ፣ ከአገር ቤት አንድ ጓደኛዬ የሠራችውን ቅባት ላከችልኝ። ከቤት ወጥቼ አውቶቡስ ፌርማታ እስክደርስ ቦርሳዬ ውስጥ ፈሰሰ፣ ፓስፖርቴ እስከ ዛሬ ሰሊጥ ይሸታል። ከ40 ዲግሪ በላይ ውጭ ላይ ምን ትጠብቃላችሁ። ኮኮናት ዘይት የሚቀልጠው 24 ወይ 25 ላይ ነው፣ አዲስ አበባ የረጋ ነጭ ነገር ነው፣ እዚህ ከእነጭራሹ ሲረጋ አይቼው አላውቅም። ድሬዳዋና አፋር ያላችሁም ታውቁታላችሁ።

አሁን ራሴ ነው የምሠራው፣ ከ100 ግራም ውስጥ ሰሙን ወደ 22 ከፍ አድርጌ። ኮኮናቱን ትቻለሁ። ኤሲ ባለበት ቤት ውስጥ ትንሽ ጠንከር ይላል፣ በጣት ጫር አድርጎ በመዳፍ ማሸት ነው።

ለእጅ የምትፈልጉ እህቶች ካላችሁ ደግሞ እቺን ስሙኝ። እኔ የቤት ሥራ ነው የምሠራው፣ በረኪናና የዕቃ ሳሙና እጄን ጨርሶት ነበር፣ ጣቶቼ መገጣጠሚያ ላይ ተሰነጣጥቀው ሎሚ ስጨምቅ እንባዬ ይመጣ ነበር። ቅባት ብቻውን አላዳነኝም። ጓንት ነው ያዳነኝ። ማታ ግን እጄን ታጥቤ እርጥብ ሳለ ቅባቱን ወፈር አድርጌ ቀብቼ የጥጥ ጓንት አድርጌ እተኛለሁ። መጀመሪያ ቀን አብራኝ የምትኖረው ልጅ ምን ልትሰርቂ ነው ብላ ሳቀችብኝ። አሁን እሷም ታደርጋለች።

ተፈጥሮ_ብቻ፦

እኔ የማይገባኝ ነገር ለምን ሰው ኬሚካል ኬሚካል እንደሚል ነው። ፕሪዘርቫቲቭ የሚሉት፣ ክሬም እንዳይበላሽ የሚጨመረው ነገር፣ መርዝ ነው። ከፈለግሽ ቫይታሚን ኢ ሁለት እንክብል አፍርጪበት፣ አይበላሽም። ወይ እሬት ከጓሮ ቆርጠሽ ጨምሪበት፣ እሬት ራሱ ባክቴሪያ ይገድላል። እኔ ለማድያቴ ሎሚና ነጭ ሽንኩርት ከሰም ጋር አዋህጄ እየሠራሁ ነው፣ ተፈጥሮ ሰውን ጎድቶ አያውቅም።

መድኃኒት_ቀማሚ፦

ወዳጄ፣ በእግዚአብሔር ይሄንን አቁም ወይም አቁሚ። ነጭ ሽንኩርት ቆዳ ላይ ታስሮ ሲቆይ ያቃጥላል፣ እንደ እሳት ውሃ ያስቋጥራል። የሎሚው ደግሞ ይብሳል፣ የሎሚ ጭማቂ ያለበት ቆዳ ፀሐይ ሲነካው ቆስሎ የሚጠቁር ነገር አለ፣ ጥቁረቱ ለሳምንታት አንዳንዴም ለወራት ይቆያል። ማድያትን ለማጥፋት ተብሎ ሌላ ማድያት መትከል ማለት ነው። እሬትም ተፈጥሮ ነው፣ ኮሶም ተፈጥሮ ነው፣ ሳማም ተፈጥሮ ነው። ሳማ ተቀብቶ የሚያውቅ አለ?

ቫይታሚን ኢን በተመለከተ ብዙ ሰው ስለሚሳሳት ልዘርዝር። ዘይት በአየር ምክንያት ጠረኑ እንዳይቀየር ያዘገያል፣ ለዚያ ጥሩ ነው፣ እኔም ጠብታ እጨምራለሁ። ባክቴሪያና ሻጋታ ላይ ግን ምንም አያደርግም። የእሬት ዝልግልግ ደግሞ ከሞላ ጎደል ውሃ ነው፣ ከጽጌረዳ ውሃው ቀድሞ ነው የሚበላሸው። ውሃ ያለበት ክሬም ቤት ሠርቶ ለወራት ማስቀመጥ የሚፈልግ ሰው እንደ ፊኖክሲኢታኖል ያለ መከላከያ በትክክል መዝኖ መጨመር አለበት፣ አውሮፓ ውስጥ ከመቶ 1 በላይ አይፈቀድም። 1 ግራም በትክክል የሚመዝን ሚዛን ከሌላችሁ አትግቡበት። ወይ ደግሞ በጣም ትንሽ ሥሩ፣ ፍሪጅ አስቀምጡ፣ በሳምንት ጨርሱ፣ የተረፈውን ድፉት።

ቀጭኔ_በ22፦

ማድያት ከተነሳ እኔም አንድ ነገር ልበል። አንድ ሱቅ ውስጥ ልጅቷ በእጇ ቀላቅላ ስም በሌለው ብልቃጥ የሸጠችልኝን ክሬም ስድስት ወር ተቀባሁ። መጀመሪያ ፊቴ ሲያበራ ሰው ሁሉ ምን ተቀብተሽ ነው ይለኝ ነበር። ያቆምኩ ቀን ጉድ ፈላ። ቀላ፣ አበጠ፣ ያሳክካል፣ ፀሐይ ማየት አልቻልኩም። ቆዳ ሐኪም ጋ ስሄድ ጠንካራ ስቴሮይድ ያለበት ሳይሆን አይቀርም አለኝ፣ ፊት ላይ ያለ ሐኪም ትእዛዝ የማይቀባ። ለመዳን ወራት ፈጀብኝ። ከዚያ ወዲህ ነው እኔም የራሴን ቅባት መሥራት የጀመርኩት፣ ቢያንስ ውስጡ ምን እንዳለ አውቃለሁ። ቅባቱ ግን ማድያት አያጠፋም፣ እንዳትሸወዱ። ለስላሳ ያደርጋል፣ በቃ። ፀሐይም አይከላከልም።

ሚኒሶታ_ብርዱ፦

እዚህ ከህዳር እስከ መጋቢት ቤት ውስጥ ማሞቂያው አየሩን ስለሚያደርቀው የሁሉም ሰው ቆዳ ይሰነጠቃል፣ ሰሙን ወደ 12 ግራም ዝቅ ማድረግ ነው እንጂ ካልሆነ ከብልቃጡ በማንኪያ እጀታ ነው የሚቆፈረው። የሺያው ነገር፣ እዚህ ያለው ከምዕራብ አፍሪካ ነው የሚመጣው፣ አገር ቤት ያላችሁ ግን የሺያ ዛፍ ጋምቤላም እንደሚበቅል ታውቃላችሁ? የዚያኛው ዝርያ ቅቤ ለስለስ ያለ ነው፣ ካገኛችሁ ሰሙን በሁለት ግራም ከፍ አድርጉት።

የኔ ጥያቄ ስለ ልጄ ነው። የሁለት ዓመት ልጄ ችፌ አለባት፣ ክርኗና ጉልበቷ ጀርባ ላይ። አክስቷ የወይራ ዘይትና ላቬንደር ጨምረሽ ሥሪላት አለችኝ።

መድኃኒት_ቀማሚ፦

ለችፌ ልጅ የወይራ ዘይቱን ተዪው። ውስጡ ያለው ኦሊክ አሲድ የሚባል የስብ ዓይነት ብዙ ስለሆነ የደከመ ቆዳን የበለጠ ሊያሳሳው ይችላል። ላቬንደሩንም ተዪው፣ ሽታ ያለው ነገር ሁሉ ለችፌ ጠላት ነው ብለሽ ያዢ። ሽታ የሌለው ቫዝሊን፣ እማማ እንዳሉት እርጥብ ገላ ላይ፣ በቀን ሁለቴ። ካመረቀዘ ወይም ሌሊት እንቅልፍ ከነሳት ሐኪም ይያት።

ለአዋቂ የሽታ ዘይት የምትፈልጉ፣ ለ100 ግራም ከ20 ጠብታ አይለፍ፣ ያ ከመቶ 1 ገደማ ነው። ፊት ላይ ከሆነ ግማሹ ይበቃል። ጥቁር አዝሙድ ዘይትም ለአንዳንድ ሰው ሽፍታ ያወጣል። ማንኛውንም አዲስ ነገር መጀመሪያ ክንዳችሁ ውስጠኛው ክፍል ላይ ትንሽ ቀብታችሁ ሁለት ቀን ጠብቁ።

የቀበናዋ፦

ተመለስኩ! ሦስት ሳምንት ሆነኝ፣ ጠፋሁ አትበሉኝ።

መጀመሪያ ሰሙን አጠራሁት። የጠጅ ቤት ልጅ እውነትህን ነው፣ ነጠላው ላይ አንድ ሙሉ ንብ አገኘሁ፣ ከእነክንፏ። ሦስት ጊዜ ደጋግሜ ሳወጣው ቢጫ ሆነ፣ ሽታውም ማር ብቻ ሆነ። ሚዛን ስለሌለኝ ታች ያለው ባለሱቅ ጋ ሄጄ አስመዘንኩ። ሚዛኑ በርበሬ የሚመዘንበት ነው፣ በፌስታል ጠቅልዬው ነበር ግን የሆነ ነገር ነክቶት መሰለኝ፣ የመጀመሪያዋን ቅባት ከንፈሬ ላይ ስሞክራት ቆጠቆጠችኝ። ያቺን ለተረከዝ አደረግኳት። ደግሞ 15 ግራም በዛ ሚዛን አይታወቅም፣ አንድ ሩብ ኪሎ መዝኜ በቢላ ከፋፈልኩት፣ ስለዚህ ልኬ ግምት ነው።

የማንኪያው ዘዴ ግን ምርጥ ነው። ሁለቴ ጠጠረብኝ፣ ሁለቴ ዘይት ጨመርኩ። ፍሪጅ ወዲያው አስገባሁት፣ አሸዋ የለም። ውሃ ጠብ አላልኩበትም። ማታ እግሬን ታጥቤ እርጥቡን ቀብቼ ካልሲ አደርጋለሁ። ተረከዜ ጨርሶ ድኗል ባልል ይሻላል፣ ስንጥቁ ግን ተዘግቷል፣ ካልሲ መሳብ አቁሟል። ሰሊጡ ትንሽ ይሸታል፣ ያልተቆላ ነው ብለውኝ ነበር። እህቴ ሕልበት ሕልበት ትሸቻለሽ ትለኛለች፣ ግን አንዱን ብልቃጥ ወስዳለች።

አንዲት ጥያቄ ብቻ ቀረችኝ። ድስቱንና ሳህኑን እንዴት ነው የምታጥቡት? ሳሙና ምንም አላለውም።

የጠጅ_ቤት_ልጅ፦

ገና ትኩስ እያለ በጋዜጣ ወይም በሶፍት ጥርግ አድርጊው፣ ወረቀቱን ቆሻሻ ውስጥ ጣይ። ከዛ በፈላ ውሃና በሳሙና። የሰሙን ውሃ ግን በምንም ተአምር ሲንክ ውስጥ እንዳታፈሺ፣ ቧንቧው ውስጥ ሄዶ ይረጋል።

የቀበናዋ፦

ይሄን ትናንት አትጽፈውም ነበር? የቧንቧ ሠራተኛው ነገ ጠዋት ነው የሚመጣው።